ነፋስ የሚያርሰው ባሕር፦ የፔሩ የወፍ ኩስና የትንሿ ዓሣ ታሪክ

ማዳበሪያ ሲባል ለአብዛኛው አርሶ አደር ቀድሞ የሚታሰበው በማኅበሩ መጋዘን ተደርድሮ የሚከፋፈለው ጆንያ ነው። ዩሪያ በፋብሪካ መመረት ከመጀመሩ በፊት ግን የዓለም ገበያ ይሻማበት የነበረው ማዳበሪያ የባሕር ወፍ ኩስ ነበር። ይህ ኩስ በብዛት የተገኘው በደቡብ አሜሪካ ምዕራባዊ ዳርቻ በምትገኘው በፔሩ ሲሆን፣ የአገሩ ሰዎች ጓኖ ይሉታል። የጓኖ ታሪክ ስለ ባሕር ቢሆንም ባሕር አይቶ የማያውቀውን የወሎን ገበሬ ጭምር የሚነካ በመሆኑ ከሥሩ መጀመር ያስፈልጋል። (ዓ.ም. ተብሎ ካልተገለጸ በቀር ዘመናቱ እንደ አውሮፓ አቆጣጠር ናቸው።)

በፔሩ ዳርቻ ዓመቱን ሙሉ ለማለት በሚቻል ደረጃ ከደቡብ ወደ ሰሜን ነፋስ ይነፍሳል። ነፋሱ የላዩን ውኃ ሲገፋ፣ መሬት በዛቢያዋ ስለምትሽከረከር ውኃው ከዳርቻው እየራቀ ወደ ውቅያኖሱ መሐል ይሄዳል። የሄደውን የሚተካው ከሥር የሚወጣ ቀዝቃዛ ውኃ ነው። ይህ ውኃ ባዶውን አይመጣም። በባሕር ውስጥ የሚሞት ነገር ሁሉ ወደ ታች ሰምጦ ስለሚበሰብስ፣ ናይትሮጂንና ፎስፎረስ የሚከማቹት የፀሐይ ብርሃን በማይደርስበት ጥልቀት ነው። ማረሻ የሥሩን አፈር ወደ ላይ እንደሚገለብጥ ሁሉ ነፋሱም ይህን ሀብት ወደ ብርሃን ያወጣዋል። ያን ጊዜ በዓይን የማይታዩ ዕፅዋት ባሕሩን ይሞሉታል፤ እነሱን ጥቃቅን እንስሳት ይበላሉ፤ ሁለቱንም አንቾቬታ የምትባል ከአንድ ስንዝር የማትበልጥ ዓሣ ትመገባለች፤ አንቾቬታን ደግሞ ወፎች ይለቅማሉ። እንዲህ ያሉ ባሕሮች በካሊፎርኒያ፣ በናሚቢያና በሰሜን ምዕራብ አፍሪካ ዳርቻዎችም አሉ። ከውቅያኖሶች ስፋት ጥቂቱን ብቻ ቢይዙም በዓለም ከሚጠመደው የባሕር ዓሣ አንድ አምስተኛ ያህሉ የሚወጣው ከእነርሱ ነው።

ይኸው ቀዝቃዛ ውኃ ከላዩ ያለውን አየር ስለሚያቀዘቅዘው በፔሩ ዳርቻ ዝናብ የለም ማለት ይቻላል። ባሕሩ ሲጠግብ የብሱ በረሃ ነው። ዝናብ ላይ የተተወ ፍግ ኃይሉ ታጥቦ እንደሚያልቅ አርሶ አደር ያውቀዋል። በደሴቶቹ ላይ የወደቀው ኩስ ግን ሳይታጠብ ለብዙ መቶ ዓመታት ተከመረ፤ ቺንቻ በሚባሉት ትናንሽ ደሴቶች በአንዳንድ ቦታ ውፍረቱ 50 ሜትር ገደማ ደርሶ ነበር። ጥሩው ጓኖ ከ10 በመቶ በላይ ናይትሮጂን አለው።

ዋጋውን ቀድመው ያወቁት የአገሩ ገበሬዎች ናቸው። እናቱ ከኢንካ ነገሥታት ወገን የሆነች ጋርሲላሶ ዴ ላ ቬጋ በ1609 ባሳተመው መጽሐፉ፣ በኢንካዎች ዘመን እያንዳንዱ አውራጃ የሚቆፍርበት ደሴት ተለይቶ ይሰጠው እንደነበርና ወፎቹ በሚፈለፍሉበት ወቅት ደሴቱን የረገጠ ሰው በሞት ይቀጣ እንደነበር ጽፏል። ቅጣቱ የከበደ ነው፤ ክምሩ ግን እስከ 19ኛው ክፍለ ዘመን ቆይቷል።

ከዚያ በኋላ የሆነው ፈጣን ነው። ጀርመናዊው ሊቅ አሌክሳንደር ፎን ሁምቦልት የጓኖ ናሙና ወደ አውሮፓ ወሰደ። ከ1840 ወዲህ መርከቦች ወደ ቺንቻ ይጎርፉ ጀመር። ኩሱ የመንግሥት ሀብት ስለነበር የፔሩ መንግሥት ከገቢው ትልቁን ድርሻ ከዚሁ ያገኝ ነበር። ለባሪያ ነጻነት ካሳ የተከፈለውም፣ የባቡር ሐዲድ የተዘረጋውም፣ ከውጭ ባንኮች ብድር የተገኘውም ኩሱን ተስፋ በማድረግ ነው። ቆፋሪዎቹ እስረኞች፣ ባሮችና ከ1849 ጀምሮ በውል ስም ከቻይና የመጡ ሠራተኞች ነበሩ። ከእነዚህ ውስጥ ኑሮው መርሯቸው ሕይወታቸውን ያጠፉ እንደነበሩ በጊዜው ደሴቶቹን ያዩ ተጓዦች መዝግበዋል። ስለ ጓኖ ዘመን ብልጽግና ብቻ የሚያወራ ሰው ይህን ባይዘለው መልካም ነው። በ1870ዎቹ አጋማሽ የቺንቻ ክምር አለቀ፤ በ1876 ፔሩ ዕዳዋን መክፈል አቃታት።

ሆኖም ወፎቹ አልጠፉም ነበር። በ1909 መንግሥት የጓኖ አስተዳደር ኩባንያ አቋቋመ። ኩባንያው ደሴቶቹን ጠባቂ አቆመላቸው፤ በየተራ እያሳረፈ ማስጠረግ ጀመረ፤ በባሕር ዳር በሚገኙ አፍንጫ መሬቶችም ቀበሮ እንዳያልፍ ግንብ አሠራ። ወፎቹ በዙ፤ በ1950ዎቹ አጋማሽ ቁጥራቸው ከ20 ሚሊዮን በላይ እንደነበር ይገመታል። ኩሱ በአብዛኛው ለአገር ውስጥ እርሻ ዋለ።

በዚያው ጊዜ ሌላ ገበያ መጣ። አንቾቬታን ቀቅሎ፣ ዘይቷን ጨምቆ፣ ቀሪውን አድርቆ መፍጨት ተጀመረ። ይህ የዓሣ ዱቄት የሚባለው ሲሆን፣ ከኑግ ዘይት በኋላ እንደሚቀረው ፋጉሎ ለዶሮና ለአሳማ መኖ የሚውል ነው። የካሊፎርኒያ ሰርዲን ዓሣ በ1940ዎቹ መጨረሻ ሲመናመን ሥራ የፈቱ ማሽኖች ወደ ፔሩ ተጫኑ። የጓኖው ኩባንያ ዓሣው የወፎቹ ቀለብ ነው ሲል ተቃወመ፤ ሰሚ አላገኘም። የዱቄት ገንዘብ ከኩስ ገንዘብ ይበልጥ ነበርና። ፔሩ በ1960ዎቹ በሚጠመደው ዓሣ ክብደት ከዓለም አንደኛ ሆነች፤ በ1970 ብቻ ወደ 12 ሚሊዮን ቶን አንቾቬታ አወጣች።

እዚህ ላይ ማስተዋል የሚገባው ማስጠንቀቂያ ያልጠፋ መሆኑ ነው። ፔሩ በ1964 የባሕር ምርምር ተቋም አቋቁማለች። በዚያው በ1970 ከዓለም የምግብና የእርሻ ድርጅት ጋር የተሰበሰቡ ባለሙያዎች ከባሕሩ በዓመት ሊወሰድ የሚችለው 9.5 ሚሊዮን ቶን ገደማ እንደሆነ ገምተው ነበር። ነገር ግን ፋብሪካዎቹ ተተክለዋል፣ ጀልባዎቹ በብድር ተገዝተዋል፣ ሠራተኛው ደመወዝ ይጠብቃል። ቁጥሩን መቀነስ የማንም ሥራ ሳይሆን ቀረ።

በ1972 ኤል ኒኞ መጣ። ቃሉ በስፓኒሽ ሕፃኑ ማለት ሲሆን፣ ሞቃቱ ውኃ በገና ሰሞን ስለሚታይ ዓሣ አጥማጆች በሕፃኑ ኢየሱስ ስም የጠሩት ነው። በእንዲህ ያለ ዓመት ከምሥራቅ ወደ ምዕራብ ይነፍስ የነበረው የሰላማዊ ውቅያኖስ ነፋስ ይደክማል፤ በምዕራብ ተከማችቶ የነበረው ሞቃት ውኃ ወደ ፔሩ ይመለሳል። በዳርቻው ነፋስ ቢኖር እንኳ ከሥር የሚያወጣው ለምነት የሌለውን ሞቃት ውኃ ነው። ዓሣው ቀዝቃዛ ውኃ በቀረበት ጠባብ ቦታ ዳር ዳሩን ተጠጋግቶ ስለነበር በመጀመሪያዎቹ ወራት መረብ ይሞላ ነበር። ባሕሩ የበለጸገ መሰለ። የተያዘው ግን ለዘር መቅረት የነበረበት ነው፤ የዚያ ዓመት ጫጩትም አነስተኛ ሆነ። የ1972 ምርት ከ5 ሚሊዮን ቶን በታች ወረደ፣ በ1973 ወደ 2 ሚሊዮን ቶን ገደማ አሽቆለቆለ። በግንቦት 1973 የወታደራዊው መንግሥት የከሰረውን ኢንዱስትሪ ወረሰ። ወፎቹ ቀደም ብሎ በ1965 በደረሰው ኤል ኒኞ ክፉኛ ተመተው ስለነበር ቁጥራቸው ወደ ቀድሞው አልተመለሰም። የዓሣ ዱቄት መጥፋት ከሌሎች ምክንያቶች ጋር ተደምሮ የአኩሪ አተርን ዋጋ ስላናረው አሜሪካ በሰኔ 1973 አኩሪ አተር ወደ ውጭ እንዳይወጣ ለጊዜው አገደች።

የዚያን ዓመት ሞቃት ውኃ በፔሩ ብቻ የቀረ አድርጎ መቁጠር ስሕተት ነው። የሰላማዊ ውቅያኖስ ሲሞቅ የአየሩ ዝውውር ስለሚለወጥ የኢትዮጵያ ክረምት ብዙ ጊዜ ይሳሳል። በ1964 እና በ1965 ዓ.ም. በወሎና በትግራይ የዝናብ እጥረት ተከሠተ። ድርቁን ረሃብ ያደረገው ዝናቡ ብቻ አልነበረም፤ የተደበቀ ወሬና የዘገየ እህል ነው። ያም ሆኖ በፔሩ መረቡ ባዶ የወጣበትና በወሎ ማሳው የደረቀበት ጊዜ የተገጣጠመው በአጋጣሚ ብቻ አይደለም። በ2015 (በ2007 እና በ2008 ዓ.ም.) ኤል ኒኞ ሲበረታ በአገራችን ከ10 ሚሊዮን በላይ ሕዝብ የምግብ እርዳታ አስፈልጎታል። የብሔራዊው የሜትዎሮሎጂ መሥሪያ ቤት የክረምት ትንበያ ሲያወጣ የሰላማዊ ውቅያኖስን የውኃ ሙቀት የሚመለከተው በዚህ ምክንያት ነው።

አንቾቬታ ቶሎ የምትራባ ዓሣ በመሆኗ ከብዙ ዓመታት በኋላ አገገመች። ፔሩ ከ2009 ጀምሮ ለየጀልባው የሚይዘውን መጠን ወስና ትሰጣለች፤ ጀልባዎች እየተሻሙ የሚያጠምዱበት ውድድርም ቀርቷል። በ2023 ኤል ኒኞ በተመለሰ ጊዜ የተገኘው ዓሣ በአብዛኛው ያልደረሰ ጫጩት ሆኖ ስለታየ፣ መንግሥት በዋናው የሰሜንና የመካከለኛው ዳርቻ ክፍል የመጀመሪያውን የማጥመጃ ወቅት ሰረዘ። ፋብሪካዎች ቆሙ፤ ብዙ ሠራተኛም ያለ ገቢ ቀረ። ጓኖውን ዛሬም በመንግሥት የሚቀጠሩ ሠራተኞች በዶማና በመጥረጊያ እየሰበሰቡ በጆንያ ይሞሉታል፤ የተጠረገችው ደሴት ለዓመታት ትዘጋለች፤ ጆንያው ለአነስተኛ ገበሬዎች ይሸጣል።