የሐምዛ ልጅ ለማን ተፈረደች?

ባልና ሚስት ሲፋቱ ንብረት ተቆጥሮ ይካፈላል። ልጅ ግን አይካፈልም። ይሁንና ስንቱ ወላጅ ነው ከዳኛ ፊት የሚቆመው ልጁን ለማሳደግ ሳይሆን የቀድሞ የትዳር ጓደኛውን ለመርታት? እስቲ ወደ ታሪካችን እንመለስ።

በ7ኛው ዓመተ ሂጅራ (629 እ.ኤ.አ.) ነቢዩ ሙሐመድ (ሰ.ዐ.ወ.) ዑምራ ፈጽመው ከመካ ሲወጡ አንዲት ልጅ «አጎቴ! አጎቴ!» እያለች ተከተለቻቸው። በኡሑድ ሸሂድ የሆኑት የሐምዛ (ረ.ዐ.) ልጅ ነበረች። ዐሊ (ረ.ዐ.) እጇን ይዘው ለፋጢማ ሰጧት። ኋላ ግን ሦስት ሰዎች ተሟገቱባት። ዐሊ፣ የአጎቴ ልጅ ናት፣ ይዣት የመጣሁትም እኔ ነኝ አሉ። ዘይድ ኢብን ሓሪሣ ከሐምዛ ጋር የተሳሰሩበትን የወንድማማችነት ቃል ኪዳን ጠቀሱ። ጀዕፈርም የአጎታቸው ልጅ ከመሆኗ ሌላ የእናቷ እኅት አስማእ ቢንት ዑመይስ ባለቤታቸው መሆኗን ተናገሩ። ጀዕፈርና አስማእ ከረዥሙ የሐበሻ ስደት የተመለሱት በዚያው ዓመት ነበር።

ነቢዩ የእናት እኅት በእናት ቦታ እንደምትቆም ገልጸው ልጅቱን ለአክስቷ ፈረዱ። ልብ በሉ! ጥያቄው ከሦስቱ ማን ይበልጣል የሚል አልነበረም፤ ልጅቱን እንደ እናት ማን ያቅፋታል የሚል ነበር። ለሦስቱም ደግሞ ልባቸውን የሚያስደስት ቃል ተናገሯቸው። ተረትቶ የተዋረደ አልነበረም።

በአቡበክር (ረ.ዐ.) የኸሊፋነት ዘመንም ዑመር (ረ.ዐ.) ከፈቷት ሚስታቸው የወለዱትን ዓሲምን ቁባእ ላይ ሲጫወት አግኝተው ሊወስዱት አነሱት። አያቱ ደርሳ ተሟገተቻቸው። ኸሊፋው ለአያቲቱ ፈረዱ። ብርቱው ዑመር አንዲት ቃል አልመለሱም። ከዓሲም ሴት ልጅ ማሕፀን በኋላ ፍትሐዊው ኸሊፋ ዑመር ኢብን ዐብዱልዐዚዝ ተወለዱ።

ዑለማዎች ይህን ልጅን የማቀፍ መብት «ሐዷና» ይሉታል። በሐነፊዮች ዘንድ ወንድ ልጅ እስከ 7 ዓመቱ ከእናቱ ጋር ይቆያል፤ በሻፊዒዮች ዘንድ ነፍስ ያወቀ ልጅ ራሱ ይመርጣል። ልጁ ከእናቱ ጋር ቢኖርም ቀለቡ የአባቱ ግዴታ ነው።

በሀገራችን የፌዴራል ሸሪዓ ፍርድ ቤቶች በአዋጅ ቁጥር 188/1992 መሠረት እንዲህ ያለውን ጉዳይ የሚያዩት ሁለቱም ወገኖች ሲስማሙ ነው። በመደበኛው በኩል ደግሞ የፌዴራል ጠቅላይ ፍርድ ቤት ሰበር ሰሚ ችሎት በ2000 ዓ.ም. በአክስት እጅ ያደገን ልጅ አባት በጠየቀ ጊዜ የልጁን ጥቅም አስቀድሞ ለአክስቲቱ ፈርዷል።

እናንት አባቶችና እናቶች! ፍርድ ቤት ከመሄዳችሁ በፊት «ልጁ የት ቢያድግ ይሻለዋል?» ብላችሁ ራሳችሁን ጠይቁ። ፍርዱ ሲሰጥም እንደ ዑመር ተቀበሉ። ልጁን ከእናቱ ወይም ከአባቱ ማስኮረፍ ድል አይደለም። ልጅ አማና ነው፤ አላህም ስለ አማናችን ይጠይቀናል።