ጉመርስባኽ፤ የአንድ የእጅ ኳስ ክለብ ታሪክ

በምዕራባዊው የጀርመን ክፍል፣ ከኮሎኝ ከተማ በስተ ምሥራቅ 50 ኪሎ ሜትር ያህል ርቃ፣ በኮረብታና በደን የተከበበች ጉመርስባኽ የምትባል አነስተኛ ከተማ አለች። የነዋሪዎቿ ብዛት ከ50000 ብዙም አይርቅም። የፍልስፍና ወዳጅ የሆነ አንባቢ ዩርገን ሃበርማስ ያደገባት ከተማ መሆኗን ያስታውስ ይሆናል፤ የተቀረው ሰው ግን ስሟን ሰምቶ እንደ ሆነ የሰማው ከእጅ ኳስ ጋር ተያይዞ ነው። በከተማይቱ ስም የሚጠራው ክለብ 12 ጊዜ የጀርመን ሻምፒዮን፣ 5 ጊዜ ደግሞ የአውሮፓ ሻምፒዮን ክለቦች ዋንጫ ባለቤት ሆኗል። በርሊንን፣ ሐምቡርግንና ሙኒክን የመሳሰሉ ታላላቅ ከተሞች ባሉባት አገር ይህን የመሰለ ታሪክ ለአንዲት የገጠር ከተማ እንዴት ሊደርሳት ቻለ? ዝናውስ ካለፈ በኋላ ክለቡ ምን ተረፈው? በሰውነት ማጎልመሻ ትምህርት ሥራ ላይ ለተሰማራን ባልደረቦች ሁለተኛው ጥያቄ ከመጀመሪያው የበለጠ ክብደት ያለው ይመስለኛል። በዚህ ጽሑፍ የተጠቀሱት ዓመታት ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር የተጻፉ ናቸው።

ክለቡ የተመሠረተው በ1861 ነው። በዚያን ዘመን የእጅ ኳስ የሚባል ጨዋታ ገና አልነበረም፤ የከተማይቱ ሰዎች የተሰባሰቡት ጂምናስቲክ ለመሥራት ነው። ዛሬ በአጭሩ «ፋው ኤፍ ኤል» እየተባለ የሚጠራበት ስም ሲተረጐም «የሰውነት ማጎልመሻ እንቅስቃሴ ማኅበር» ማለት ሲሆን፣ በጀርመን አገር በዚሁ ስም የሚጠሩ ክለቦች ብዙ ናቸው። የእጅ ኳስ ራሱ መልክ የያዘው በ1917 በርሊን ውስጥ ማክስ ሃይዘር ለሴቶች ጨዋታ ብሎ ደንብ ባወጣ ጊዜ ነው። ከሁለት ዓመት በኋላ ካርል ሼሌንትስ ደንቡን አሻሽሎ ለወንዶችም የሚስማማ ፈጣን ጨዋታ አደረገው። በመጀመሪያ የሚካሄደው ከቤት ውጭ፣ በእግር ኳስ ሜዳ ላይ፣ በአንድ ወገን 11 ተጫዋቾች ተሰልፈው ነበር፤ በ1936 የበርሊን ኦሊምፒክ የታየውም ይኸው ዓይነት ነው። ቀስ በቀስ ግን ክረምቱ በሚበረታባቸው አገሮች ጨዋታው ወደ አዳራሽ ገባ፤ የተጫዋቾቹም ቁጥር ወደ 7 ዝቅ አለ። በ1972 በሙኒክ ኦሊምፒክ የተካተተው ይህ የአዳራሽ ጨዋታ ሲሆን፣ የሜዳው ዓይነት ከዚያ ወዲህ እየተረሳ ሄዷል።

ይህን ለውጥ ያነሣሁት ያለ ምክንያት አይደለም። አሥራ አንድ ጠንካራ ተጫዋች ከአንዲት ትንሽ ከተማ ማውጣት አስቸጋሪ ነው፤ ሰባት ማውጣት ግን ይቻላል። ሰፊ ስታዲየም የሌላት ከተማም አንድ አዳራሽና አንድ ትጉህ አስተዳዳሪ ካገኘች ከታላላቆቹ ጋር ልትፎካከር ትችላለች። ጉመርስባኽ አዳራሹም ነበራት፤ ትጉሁንም ሰው አገኘች። ኦይገን ሃስ ይባላል። ክለቡን ለረጅም ዓመታት ሲመራ ተጫዋች የሚፈልገው እሱ፣ ውል የሚዋዋለው እሱ፣ ለመጣው እንግዳ ማረፊያ የሚያዘጋጀውም እሱ ነበር። የከተማይቱ የቀድሞ የስፖርት አዳራሽ በስሙ የተሰየመው ስለዚህ ነው።

ሃስ ካገኛቸው ሰዎች ሁሉ የላቀው ሐንስ ጉንተር ሽሚት ነው፤ ሕዝቡ የሚያውቀው «ሐንሲ» በሚለው ስሙ ነው። የተወለደው በ1942 ሩማንያ ውስጥ ባናት በሚባለው አውራጃ፣ ጀርመንኛ ከሚናገሩ ቤተሰቦች ነው። ለቡካሬስቱ የሠራዊት ክለብ ለስቴያዋ ሲጫወት ቆይቶ በ1963 ቡድኑ ለውድድር ወደ ምዕራብ ጀርመን በመጣ ጊዜ ወደ አገሩ ሳይመለስ ቀረ። ወላጆቹንና ያደገበትን ቀዬ ትቶ የመጣ የ21 ዓመት ወጣት ነበር። ከዘለለ በኋላ በአየር ላይ ጥቂት ቆይቶ፣ ግብ ጠባቂው ሲሸነፍ ጠብቆ ኳሷን የሚለቅበት አወራወር በጀርመን አገር በእሱ ስም ሲነገር ይኖራል። ዛሬ ይህን ማንኛውም ወጣት በልምምድ ይማረዋል፤ በዚያን ጊዜ ግን ተከላካዮቹ ቀድመው ዘለው፣ ቀድመው ወርደው እሱን ከታች ሆነው የሚመለከቱበት ሁኔታ ነበር።

ክለቡ በ1966 ለመጀመሪያ ጊዜ የምዕራብ ጀርመን ሻምፒዮን ሆነ። በዚያው ዓመት የአዳራሽ ቡንደስሊጋ ሲቋቋም የመጀመሪያውን የሊግ ሻምፒዮና በ1967 የወሰደውም ራሱ ጉመርስባኽ ነው። በ1967 የአውሮፓ ዋንጫ ፍጻሜ የፕራጉን ዱክላ 17 ለ 13 አሸነፈ። ጨዋታው የተካሄደው ግን ጉመርስባኽ ውስጥ አልነበረም። የከተማይቱ አዳራሽ ይህን ያህል ተመልካች ስለማይችል ክለቡ ለታላላቅ ግጥሚያዎች በዶርትሙንድ ከተማ በሚገኘው ቬስትፋለን አዳራሽ ይጠቀም ነበር፤ የኮረብታው ሰዎችም ቡድናቸውን ተከትለው ይሄዱ ነበር። በ1970 በፓሪስ የምሥራቅ በርሊኑ ዲናሞ 14 ለ 11 ተሸነፈ። በ1971 ደግሞ ለፍጻሜ የቀረበው የሽሚት የቀድሞ ክለብ ስቴያዋ ነበር። ከስምንት ዓመት በፊት ጥሏቸው ከሄደው ከቀድሞ ክለቡ ጋር በዶርትሙንድ ተገናኘ፤ ጉመርስባኽም 17 ለ 16 አሸነፈ። የአንዲት ግብ ልዩነት ነው። ስፖርትና ፖለቲካ አይገናኙም የሚሉ ሰዎች ይህን የመሰለውን ምሽት ማሰብ ይገባቸዋል። ሽሚት እስከ ዕድሜው ፍጻሜ ስሙ ከጉመርስባኽ ጋር እንደ ተያያዘ ቆይቶ በ2023 ዐረፈ።

ከ1973 እስከ 1976 ክለቡ አራት ዓመት በተከታታይ ሻምፒዮን ሆነ፤ በ1974ም የሞስኮውን ማይ ቡድን 19 ለ 17 አሸንፎ አራተኛውን የአውሮፓ ዋንጫ አነሣ። በዚህ ጊዜ ሁለት ወጣቶች ብቅ ብለዋል። አንደኛው እዚያው ጉመርስባኽ በ1952 የተወለደው ሃይነር ብራንት፣ ሁለተኛው በ1973 ከዛርብሩከን የመጣው ዮአኪም ዴካርም ናቸው። ብራንት በመከላከል የታወቀ፣ ጢሙ ከሩቅ የሚለይ ሰው ነበር። ዴካርም ግን ሁሉንም የሚችል ነበር፤ ለምዕራብ ጀርመን ብሔራዊ ቡድን 104 ጊዜ ተሰልፎ 381 ግቦች አስቆጥሯል። ሁለቱም በ1978 ኮፐንሃገን ላይ ሶቪየት ኅብረትን 20 ለ 19 አሸንፎ የዓለም ሻምፒዮን በሆነው በአሠልጣኝ ቭላዶ ሽቴንትሰል ቡድን ውስጥ ነበሩ።

ከዚህ በኋላ ያለው ለመጻፍ ይከብዳል። መጋቢት 30 ቀን 1979 ክለቡ የዋንጫ አሸናፊዎች ዋንጫ የግማሽ ፍጻሜ ግጥሚያውን ለማካሄድ ሁንጋሪ ውስጥ ወደምትገኘው ታታባኛ ሄዶ ነበር። በ23ኛው ደቂቃ ዴካርም በፈጣን መልሶ ማጥቃት ሲሮጥ ከተቃራኒው ተጫዋች ጋር ተጋጨ። ግጭቱ በጨዋታው ውስጥ በየዕለቱ የሚታይ እንጂ ክፋት ያለበት አልነበረም። ዴካርም ራሱን እንደ ሳተ በጭንቅላቱ ወደቀ። ወለሉ ኮንክሪት ነበር፤ ከኮንክሪቱ ላይ የነበረው ስስ የፕላስቲክ ንጣፍ ብቻ ነበር። የራስ ቅሉ ተሰነጠቀ፤ አንጎሉም ክፉኛ ተጐዳ። ለ131 ቀናት ሳይነቃ ቆየ። ዕድሜው 25 ነበር።

እዚህ ላይ ጥቂት መቆየት ያስፈልጋል። ተማሪዎቹን በሲሚንቶ ወለል ላይ የሚያሠለጥን ባልደረባ የዚህን ወለል ነገር ከማንም ይልቅ ይረዳዋል። የእጅ ኳስ ተጫዋች ሥራው መዝለልና መውደቅ ነው፤ ስለሆነም ወለሉ የጨዋታው አንድ ክፍል እንጂ ከጨዋታው ውጭ ያለ ዕቃ አይደለም። ተጣጥፎ የሚሰጥ የእንጨት ወለል የወደቀውን ሰው ጉልበት ከፊሉን ይቀበልለታል፤ ኮንክሪት ግን ምንም ሳይቀበል ሁሉንም ለአጥንት ይመልሳል። ስስ ንጣፍ ለመንሸራተት ይረዳ እንደ ሆነ እንጂ ለጭንቅላት አይረዳም። የአውሮፓ ግማሽ ፍጻሜ በእንዲህ ያለ ወለል ላይ እንዲካሄድ የተፈቀደበት ዘመን ነበር።

ጉመርስባኽ በዚያ ዓመት ዋንጫውን ወሰደ። ይህን የሚያህል ደስታ የሌለበት ዋንጫ በክለቡ መዝገብ ውስጥ መኖሩን እጠራጠራለሁ። ዴካርም ሲነቃ መናገር፣ መራመድ፣ ማንበብ እንደ ሕፃን ከመጀመሪያው መማር ነበረበት። ወደ ዛርብሩከን ተመልሶ ከ1980ዎቹ መጀመሪያ አንሥቶ የወጣትነት አሠልጣኙ ቬርነር ሁርተር በየቀኑ ያለማመደው ጀመር። አሠልጣኝ የሚለው ቃል ሙሉ ትርጕሙን ያገኘው እዚህ ላይ ነው፤ ዋንጫ በማይገኝበት፣ ተመልካች በሌለበት፣ አንድ እግር ከሌላው ፊት ማስቀደም እንደ ድል በሚቈጠርበት ልምምድ ዓመታት አሳለፈ። የጀርመን ስፖርት መርጃ ድርጅት በዴካርም ስም የእርዳታ ገንዘብ አቋቋመለት። ብራንትና የ1978ቱ ጓደኞቹም እየተመላለሱ መጠየቁን አላቋረጡም። በ2013 ስሙ በጀርመን የስፖርት ዝነኞች መዝገብ ውስጥ ገባ።

ክለቡ ከአደጋው በኋላ አልወደቀም፤ እንዲያውም ከፍታው ገና ነበር። በሩማንያዊው አሠልጣኝ በፔትሬ ኢቫኔስኩ መሪነት በ1982 ሻምፒዮናውን፣ የአገሩን ዋንጫና አንድ የአውሮፓ ዋንጫ፣ በ1983 ደግሞ ሻምፒዮናውን፣ የአገሩን ዋንጫና አምስተኛውን የአውሮፓ ሻምፒዮን ክለቦች ዋንጫ አነሣ። ግብ ጠባቂው አንድሬያስ ቲል «ጠንቋዩ» የሚል ቅጽል ስም ወጥቶለት ሰባት ጊዜ የአገሩ የዓመቱ ምርጥ ተጫዋች ሲባል፣ ከጨዋታው ጐን ለጐን ሕግ ተምሮ ጠበቃ ሆኗል። ታላቁ ግብ አግቢ ኤርሃርድ ቩንደርሊኽ በ1983 ወደ ባርሴሎና ሄደ። የገንዘቡ ዘመን መምጣቱን ያበሰረው ይህ ዝውውር ይመስለኛል። ጉመርስባኽ በ1985፣ በ1988ና በ1991 ሦስት ጊዜ ሻምፒዮን ሆነ፤ ከዚያ ወዲህ አልሆነም።

ከዚህ በኋላ ያለውን በአጭሩ እናልፈዋለን፤ የዕዳና የአዳራሽ ታሪክ ነውና። በ2000 አካባቢ ክለቡ በገንዘብ እጦት ሊፈርስ ተቃርቦ ነበር። ከ2001 ጀምሮ ብዙ የሜዳ ጨዋታዎቹን ከ18000 በላይ ተመልካች ወደሚይዘው የኮሎኝ አዳራሽ ወሰደ። ገንዘቡ እዚያ ነበረ፤ ደጋፊው ግን ቡድኑን ለማየት የ50 ኪሎ ሜትር መንገድ መሄድ ነበረበት። ለአንድ ምሽት ፍጻሜ ዶርትሙንድ መሄድ ክብር ነው፤ ለተራ ጨዋታ ሁሉ ከቤት መውጣት ግን ስደት ነው። ብራንት በ2007 በዚሁ የኮሎኝ አዳራሽ ፖላንድን 29 ለ 24 አሸንፎ ጀርመንን የዓለም ሻምፒዮን ሲያደርግ፣ በተጫዋችነትም በአሠልጣኝነትም ይህን ክብር ያገኘ የመጀመሪያው ጀርመናዊ ሆነ። ክለቡም በ2009፣ በ2010ና በ2011 ሦስት አነስተኛ የአውሮፓ ዋንጫዎች አገኘ። በ2013 የቦይለር ፋብሪካው ሽታይንሙለር በነበረበት ቦታ ከ4000 ሰዎች በላይ የሚይዝ አዲስ አዳራሽ ጉመርስባኽ ውስጥ ተከፈተ። አደባባዩ በሃይነር ብራንት ስም ተሰየመ፤ ቡድኑም ወደ ቤቱ ተመለሰ።

በ2018 ዴካርም ከዛርብሩከን ወደ ጉመርስባኽ ተመልሶ መኖር ጀመረ። በቀጣዩ ዓመት ሊጉ ከተቋቋመበት ከ1966 አንሥቶ አንድም ዓመት ያልጐደለው ብቸኛው ክለብ በመጨረሻው ቀን ከቢቲግሃይም ጋር እኩል ለእኩል ወጥቶ ወደ ሁለተኛው ዲቪዚዮን ወረደ። ለሦስት ዓመታት እዚያ ቆየ። በ2020 የአሠልጣኝነቱን ሥራ የተረከበው ከ2005 እስከ 2008 በዚሁ ክለብ የተጫወተው አይስላንዳዊው ጉድዮን ቫሉር ሲጉርድሰን ነበር፤ በ2022 ቡድኑን ወደ ቡንደስሊጋ መለሰው። በ2024 ክለቡ ስድስተኛ ሆኖ ጨርሶ፣ ከአሥር ዓመት በላይ ከተለየው የአውሮፓ ውድድር ጋር እንደገና ተገናኘ፤ በዚህ ጊዜ የተጫወተው በራሱ ከተማ፣ በራሱ አዳራሽ ነበር።