የአባ ቃኘው ሻለቃ

ከክቡር ዘበኛ የተውጣጣው የመጀመሪያው የቃኘው ሻለቃ በጅቡቲ በኩል ወደ ኮሪያ ጦርነት የተነሳው በሚያዝያ 1943 ዓ.ም. ነው። ሻለቃው ከአሜሪካ 7ኛ እግረኛ ክፍለ ጦር፣ ከ32ኛው ሬጅመንት ጋር ተሰልፎ ተዋጋ፤ በየጊዜውም ተተኪ ሻለቃ ሄደ። ከመቶ ሃያ በላይ ልጆቻችን ወደቁ፤ የተማረከ ግን የለም። ስሙ ከየት መጣ በሚለው ላይ ግን እስከ ዛሬ ስምምነት የለም።

በውጭ ቋንቋ የተጻፉ የኮሪያ ጦርነት መጻሕፍት «ቃኘው» ሁከትን ወደ ሥርዓት መመለስ፣ አንዳንዴም መገልበጥ ማለት ነው ይላሉ። ሌላው ወገን የልዑል ራስ መኮንን የፈረስ ስም ነው ይላል።

መገልበጥ የሚለውን ፍቺ አማርኛችን አያውቀውም። መቃኘት አገር መሰለል፣ ሜዳና ሸንተረሩን አይቶ መረዳት ነው። ክራርና በገናም ይቃኛል፤ ሥርዓት የሚለው ፍቺ ከዚህ ተቀድቶ ይሆናል ብዬ እገምታለሁ። እንዲያም ሆኖ፣ ስሙ ከፍቺው ቀድሞ በፈረስ ላይ ነበር። በፈረሶቻቸው ስም ዳግማዊ ምኒልክ አባ ዳኘው፣ አፄ ዮሐንስ አባ በዝብዝ፣ ራስ አሉላ አባ ነጋ እንደተባሉ ሁሉ፣ በአምባላጌና በዓድዋ የዘመቱት ራስ መኮንንም አባ ቃኘው ነበሩ። ዳኘውና ቃኘው በአንድ ቅርጽ የወጡ ስሞች ናቸው። ጦረኛው ሲፎክር ጌታውን በፈረሱ ስም እየጠራ «የአባ እገሌ አሽከር» ይል ነበር። ቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ገና በ13 ዓመታቸው የሞቱባቸውን የአባታቸውን የራስ መኮንንን የፈረስ ስም ለሻለቃው ሲሰጡ፣ ያ ሁሉ ወታደር በፉከራ ወግ የአባ ቃኘው አሽከር ሆነ። ይህን የሚያህል ትርጉም እያለ ለባዕድ እንዲመች የተሰናዳ ፍቺ መፈለግ አያስኬድም።

ሻለቃ የሚለውም ቃል የራሱ ጉዞ አለው። አስር አለቃ፣ ሃምሳ አለቃ፣ መቶ አለቃ እያለ የሚወጣው ቆጠራ ሺ ሲደርስ ሻለቃ ይላል። በዘመናዊው ጦር ግን ቃሉ ለሁለት ተከፈለ፤ አንዱ የመኮንን ማዕረግ፣ ሌላው የጦር ክፍል። ስለዚህም የመጀመሪያውን የቃኘው ሻለቃ ያዘዙት በማዕረጋቸው ሻለቃ ሳይሆኑ ሌተና ኮሎኔል ነበሩ፤ ተሾመ እርገቱ። የመላው ዘማች ጦር አዛዥ ደግሞ ኋላ ጄኔራል የሆኑት ከበደ ገብሬ ነበሩ። የዘማቹ ቁጥር ከሺ ማለፉ የጥንቱን ቆጠራ ያስታውሳል።

ስሙ ከኮሪያም ተሻግሯል። አስመራ የነበረው የአሜሪካ ጦር የሬዲዮ ጣቢያ «ቃኘው ስቴሽን» ይባል ነበር።

ዛሬ አዲስ አበባ አፍንጮ በር ላይ የዘማቾቹ መታሰቢያ ሐውልት ቆሟል፤ በኮሪያም ቹንቾን ከተማ ሌላ አለ። ዘማቾቹ ግን አርጅተዋል፤ በየዓመቱም ቁጥራቸው እየመነመነ ነው። በቤታችሁ የቃኘው ዘማች አባት ወይም አያት ካላችሁ፣ አዛዦቻቸው ስለ ስሙ ምን ይነግሯቸው እንደነበር፣ ሲፎክሩም ማንን እየጠሩ እንደነበር ዛሬውኑ ጠይቁና በጽሑፍ አስቀምጡት።