«ክሱ ይቋረጥልን» የሚለው አቤቱታ ወደ ማን ይቀርባል?



በላስታም ሆነ በሌላው ወሎ አንድ ሰው በወንጀል ሲከሰስ ቤተሰቡ ደጋግሞ የሚያነሣት ጥያቄ አለች። «ወልድያ ከፍተኛ ፍርድ ቤት ሄደን፣ ካልሆነም ከዚያ በላይ ወጥተን፣ ክሱን ማስቆም አንችልም?» የምትል ናት። መልሱን ለማግኘት ወደ ኋላ ሄዶ ታሪኩን ማየት ይጠቅማል።

በድሮው ዘመን የመጨረሻው በር ንጉሡ ነበር። ተበደልኩ ያለ ሰው «አቤት! አቤት!» እያለ እስከ ዙፋን ችሎት ይደርሳል። ንጉሡ ከዳኛ ሁሉ በላይ ስለነበር የፈለገውን ጉዳይ መመልከት ይችላል። ነገር ግን ያ በር የሚከፈተው በንጉሡ ፈቃድ እንጂ በተከሳሹ መብት አልነበረም።

የ1954ቱ የወንጀለኛ መቅጫ ሥነ ሥርዓት ሕግ ሲወጣ ከሕንድና ከማላያ ሕጎች ብዙ ተወስዷል። በሕንድ ከፍተኛ ፍርድ ቤቶች በሂደት ላይ ያለን ክስ ለፍትሕ ሲሉ የመሰረዝ ሥልጣን አላቸው። ይህ ግን ወደ እኛ አልመጣም። እንዲያውም አንቀጽ 184 በክስ መቃወሚያ ላይ በተሰጠ ብይን ጉዳዩ ሳያልቅ ይግባኝ ማለትን ከለከለ። ቅሬታው የሚነሣው ከመጨረሻው ፍርድ በኋላ ነው። መስከረም 2 ቀን 1967 ንጉሡ ከዙፋን ሲወርዱ ዙፋን ችሎቱም አብሮ ቀረ። የ1987ቱ ሕገ መንግሥት በአንቀጽ 80 ለሰበር ሥልጣን ሲሰጥም «የመጨረሻ ውሳኔ» ላገኙ ጉዳዮች ነው።

የዚህን ዋጋ የእኛ ማኅበረሰብ በቅርቡ አይቶታል። የመፍትሔ አፈላላጊ ኮሚቴው አባላት ሐምሌ 2004 ታሰሩ። ጥቅምት 2005 በፀረ ሽብር አዋጅ ቁጥር 652/2001 ከሌሎች ጋር ተከሰሱ። ጉዳዩ ገና በችሎት ላይ እያለ ጥር 28 ቀን 2005 «ጂሃዳዊ ሐረካት» የተባለው ፊልም በኢቲቪ ተላለፈ። ክሱ ግን ቀጠለ። ታኅሣሥ 2006 ፍርድ ቤቱ የተወሰኑትን አሰናብቶ ሌሎቹ እንዲከላከሉ በየነ። ሰኔ 29 ቀን 2007 በ18ቱ ላይ የጥፋተኝነት ፍርድ ተሰጠ። ሐምሌ 27 ደግሞ ከ7 እስከ 22 ዓመት እስራት ተፈረደባቸው። ከእስር እስከ ጥፋተኝነት ፍርድ ሦስት ዓመት ሊሞላ ምንም አልቀረውም ነበር።

በዚያው የሰኔ መጨረሻ ሳምንት ሌላም ነገር ሆነ። ከዞን ዘጠኝ ጦማሪዎችና አብረዋቸው ከተከሰሱት ጋዜጠኞች መካከል የአምስቱ ክስ ተነሥቶ ወጡ። ክሱን ያነሣው የበላይ ፍርድ ቤት አይደለም፤ ዐቃቤ ሕግ ነው። 22 ዓመት የተፈረደባቸው ኡስታዝ አሕመዲን ጀበልም የካቲት 2010 የተፈቱት በመንግሥት ውሳኔ እንጂ በዳኛ ብይን አልነበረም።

እንግዲህ ታሪኩ የሚነግረን አንድ ነገር ነው። በአገራችን የተጀመረን ክስ መሐል ላይ የማቆም ሥልጣን ትናንት በንጉሡ፣ ኋላም በአስፈጻሚው እጅ ነበር። መንግሥት ሲፈቅድ የሚከፈት በር ደግሞ ሲከፈት ደስ ቢያሰኝም መብት አይባልም።

ለተከሳሹ በሕጉ የተተዉለት በሮች ጥቂት ናቸው፤ ጊዜያቸውም አጭር ነው። የመጀመሪያው የክስ መቃወሚያ ነው። በዚያው ጉዳይ ከዚህ በፊት ተፈርዶ ከሆነ፣ ይርጋ ካገደው ወይም በምሕረት የቀረ ከሆነ፣ ክሱ እንደተነበበ ወዲያው መነሣት አለበት። ሁለተኛው የዐቃቤ ሕግ ማስረጃ ተሰምቶ ሲያልቅ «የሚያስከላክል ነገር የለም» ተብሎ በነፃ መሰናበት ነው። ሦስተኛው የሕገ መንግሥት ትርጉም የሚያስፈልገው ጥያቄ ካለ ወደ ሕገ መንግሥት ጉዳዮች አጣሪ ጉባኤ እንዲመራ መጠየቅ ነው።

ስለዚህ ወንድም እኅቶች፣ ዘመድ የተከሰሰበት ሰው ለመንገድና ለአማላጅ ገንዘብ ከማውጣቱ በፊት፣ ከመጀመሪያው ቀጠሮ አስቀድሞ ጠበቃ ያማክር። በሩ ያለው እዚያው የመጀመሪያው ችሎት ላይ ነው።

ወላሁ አዕለም።