አንድ ፐርሰንት፦ ድራኩላን ሳሎን ያስገባው ጸሐፊ

ድራኩላ ሲባል ብዙ ሰው ዓይን ላይ የሚመጣው ያው ምስል ነው፦ የእራት ልብስ የለበሰ፣ ኮሌታው የቆመ ጥቁር ካባ የደረበ፣ አንገቱን ሰበር አድርጎ ሰላምታ የሚሰጥ ጨዋ ሰው። ይህ ሰው ግን ብራም ስቶከር በ1897 ባሳተመው ልቦለድ ውስጥ የለም (ዓመቶቹ ሁሉ በፈረንጆች አቆጣጠር ናቸው)። የመጽሐፉ ድራኩላ ትንፋሹ የሚሸት፣ መዳፉ ላይ ፀጉር የበቀለበት ሽማግሌ ነው፤ ከመጀመሪያዎቹ ምዕራፎች በኋላም እምብዛም አይታይም። ጨዋውን ድራኩላ የወለደው ቲያትር ነው።

የወለደውም በችግር ምክንያት ነው። ተዋናይና የቲያትር ቡድን መሪ የነበረው ሃሚልተን ዲን በ1924 ልቦለዱን እንግሊዝ ውስጥ መድረክ ላይ ሲያወጣው ተራራውንና መርከቡን የሚያሳይበት አቅም አልነበረውም። ያለው ሳሎን ነው። ሳሎን ገብቶ ከቤተሰብ ጋር የሚጨዋወት ጭራቅ ደግሞ “ይግቡ” ሊባል የሚችል ሰው መምሰል አለበት። ያ የቆመ ኮሌታ እንኳ ለማማር አልነበረም፤ ተዋናዩ ጀርባውን ለተመልካች ሲሰጥ ጭንቅላቱን ሸፍኖለት በመድረኩ ወለል ላይ በተሠራ መውጫ ሹልክ እንዲል ነው።

ጆን ባልደርስተን ወደ ታሪኩ የሚገባው እዚህ ላይ ነው። አሜሪካዊ ጋዜጠኛ ነው፤ ለንደን ሆኖ ለኒውዮርክ ወርልድ ጋዜጣ ይዘግብ ነበር፤ በ1926 ደግሞ “በርክሊ ስኩዌር” የተሰኘ ተውኔቱ መድረክ አየ። ፕሮዲዩሰሩ ሆራስ ላይቭራይት የዲንን ድራኩላ ወደ ብሮድዌይ ሊወስድ ሲነሣ ተውኔቱን እንደገና እንዲጽፈው ለባልደርስተን ሰጠው። በ1927 ኒውዮርክ ላይ ተከፍቶ 261 ጊዜ ታየ። ድራኩላን የተጫወተው ከሃንጋሪ የመጣው ቤላ ሉጎሲ ነበር። በ1931 ዩኒቨርሳል ፊልሙን ሲሠራ የተከተለው ከመጽሐፉ ይልቅ ተውኔቱን ነው፤ ሉጎሲንም ከነካባው ወሰደው።

ፊልሙ ገንዘብ አመጣ። ዩኒቨርሳል ቀጥሎ ፍራንከንስታይንን ፈለገ፤ አሁንም በቲያትር በኩል ሄደ። ፔጊ ዌብሊንግ የተባለች እንግሊዛዊት የሜሪ ሼሊን ልቦለድ ተውኔት አድርጋው ነበር። ባልደርስተን ለአሜሪካ መድረክ አሻሽሎ ጻፈው፤ ብሮድዌይ ግን ሳይደርስ ቀረ። ዛሬም ሰው ጭራቁን “ፍራንከንስታይን” ብሎ ሲጠራ “እሱ የፈጣሪው ስም ነው” እያሉ የሚያርሙ አሉ። በዌብሊንግ ተውኔት ግን ሳይንቲስቱ ራሱ ስሙን ለፍጡሩ ይሰጠዋል። አራሚዎቹ ይህን ቢያውቁ ኖሮ ትንሽ ዝም ይሉ ነበር።

የ1931ዱን ፊልም ስክሪፕት የጨረሱት ሌሎች ናቸው። ባልደርስተንና ዌብሊንግ የሸጡት መብቱን ነው፦ 20,000 ዶላር፣ በተጨማሪም ከጠቅላላ ገቢው አንድ ፐርሰንት። በወቅቱ ማንም ትልቅ ነገር ብሎ ያየው አይመስልም።

ከዚያ ባልደርስተን ራሱ ሆሊውድ ገባ። በጋዜጠኝነቱ ዘመን የቱታንክሃሙን መቃብር ሲከፈት ዘግቦ ነበርና፣ በካግሊዮስትሮ ላይ የተመሠረተ ረቂቅ ሲሰጡት ታሪኩን ወደ ግብፅ አዞረው። “ዘ ማሚ” በ1932 ወጣ። ልብ ብሎ ላየው ያው ድራኩላ ነው፦ ከጥንት የመጣ ትሑት እንግዳ፣ የምትማረክ ወጣት ሴት፣ ነገሩ የሚገባው ሽማግሌ ምሁር። ምሁሩን በሁለቱም ፊልም የተጫወተው እንኳ አንድ ሰው ነው፤ ኤድዋርድ ቫን ስሎን፣ እሱም ከብሮድዌይ መድረክ የመጣ። ራሱን ደገመ ቢባል ሐሰት አይሆንም። ግን የደገመው የሚሠራ ነገር ነው፤ ፍርሃት በር ሰብሮ ሲገባ ሳይሆን ወንበር ስቦ ሲቀመጥ እንደሚያይል ያወቀው ከመድረክ ነው።

በ1935 “የፍራንከንስታይን ሙሽራ” እና “ማድ ላቭ” ላይ ሠራ። ለ1944ቱ “ጋስላይት” ከሌሎች ጋር ለኦስካር ታጨ፤ እሱም መነሻው የመድረክ ተውኔት ነው።

ዩኒቨርሳል በዚህ መሀል ጭራቁን እያስነሣ እያስነሣ ሸጠው፦ ልጁ፣ መንፈሱ፣ ከተኩላው ሰው ጋር፣ በመጨረሻም ከኮሜዲያኖቹ ከአቦትና ኮስቴሎ ጋር። በ1952 ባልደርስተንና የዌብሊንግ ወራሾች ያችን አንድ ፐርሰንት ይዘው ፍርድ ቤት ሄዱ፤ ከተከታዮቹ ፊልሞች ድርሻችን የታለ አሉ። በ1953 ጉዳዩ ከ100,000 ዶላር በላይ በሆነ ክፍያ በስምምነት ተዘጋ። ባልደርስተን በሚቀጥለው ዓመት ሞተ።

ሉጎሲ ለድራኩላ ፊልም የተከፈለው ለሰባት ሳምንት ሥራ 3,500 ዶላር ነበር። እንዲህ ያለ አንቀጽ በውሉ አልነበረውም። በ1956 ሲሞት ካባውን ለብሶ ተቀበረ። ፊቱ በሸቀጥ ላይ እየታተመ ሲሸጥ ያዩት ልጁና ሚስቱ ዩኒቨርሳልን ከሰሱ፤ መጀመሪያ ተፈረደላቸው። በ1979 ግን የካሊፎርኒያ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ፍርዱን ገለበጠው፤ ሰው በመልኩ የመጠቀም መብቱ አብሮት ይሞታል አለ። ግዛቲቱ ሕጉን የለወጠችው ከዚያ በኋላ ነው።