ጣሳ የተሰቀለበት ደጃፍ

ደጃፍ ላይ በቆመ እንጨት ጫፍ ጣሳ ተደፍቶ ያየ ሰው ጠላ ይሸጥ እንደሆነ አይጠይቅም። ይህን ምልክት አሶሳ መንገድ ዳር ሳየው ግን ቆም አልኩ። ምልክቱ የደጋ ነው፤ እዚህ ቆላ ድረስ ማን አመጣው?

ባለ ጠላ ቤቷ የወሎ እናት ናቸው። «እንዴት እዚህ ደረሱ እትዬ?» ብላቸው «በሰባ ሰባት መጣን ልጄ» አሉኝ። ሌላ ማብራሪያ አላስፈለጋቸውም። በ1977ና በ1978 ዓ.ም. ደርግ በድርቅ የተጎዳውን ሕዝብ፣ ወዶም ሳይወድም፣ ካሰፈረባቸው ቦታዎች አንዱ አሶሳ ነበር። ሰፋሪው ጋኑን ተሸክሞ አልመጣም፤ ሙያውን ግን ማንም አልቀማውም።

ከዚያ በፊት አካባቢው መጠጥ አያውቅም ነበር ማለቴ አይደለም። በርታዎችም ጉሙዞችም ከማሽላ ይጠምቁ ነበር። ነገር ግን ያ መጠጥ የደቦ ነው፤ እርሻ ያገዘ፣ ቤት የሠራ ጎረቤት ይጠጣዋል። በበርታዎች ዘንድ እስልምና ሥር እየሰደደ ሲሄድ ደግሞ ማሰሮው ከብዙ ቤት ወጣ።

ታዲያ መንገደኛው የት ያድር ነበር? መቼም መንገዱ ባዶ አልነበረም፤ የወርቅ መንገድ ነው። ሆላንዳዊው ሁዋን ማሪያ ስኹቨር እ.ኤ.አ. በ1880ዎቹ መጀመሪያ በዚያ አገር ሲዘዋወር ጀላባ የሚባሉት የሱዳን ነጋዴዎች ቀድመውት ነበር። በ1890 ዓ.ም. ራስ መኮንን አገሩን ለዳግማዊ ምኒልክ ካስገበሩ በኋላም የአሶሳው ሼህ ሆጀሌ አል ሐሰን ግብራቸውን በወርቅ ይልኩ ነበር። እንዲህ ባለው መንገድ የሚሄድ ነጋዴ የሚሻው የሚያስጠጋው ባላባት ነው፤ ጥበቃውም ራቱም ከዚያ ይገኛል። አዲስ አበባም ብትሆን ብዙ አትበልጥም ነበር። እቴጌ ጣይቱ ሆቴላቸውን በ1900 ዓ.ም. ግድም ሲከፍቱ መኳንንቱ ምግብ በገንዘብ መብላት አሳፍሯቸው እንደነበር ይነገራል።

ይህን የድሮ እንግዳ ተቀባይነት ሳመሰግን ግን አንድ ነገር ይቆረቁረኛል። በዚያው መንገድ፣ በዚያው ባላባት ጥላ ሥር፣ ሰው እየተነዳ ይሸጥ ነበር። የሼህ ሆጀሌ ባለቤት ሲት አምና እ.ኤ.አ. በ1920ዎቹ መጨረሻ ሱዳን ውስጥ በእንግሊዞች እጅ የታሰሩት በባሪያ ንግድ ነው። ለእንግዳ የቀረበው መጠጥ ዋጋ አይጠየቅበትም፤ የቀዳችው ልጅ ግን ዋጋ ሊኖራት ይችል ነበር። ስለዚህ ሳንቲም የሚቀበለውን ደጃፍ የባህል ብልሽት አድርገው ከሚቆጥሩት ወዳጆቼ ጋር አልስማማም።

የጠላ ቤቱ ጎረቤት ሻይ ቤት ነው። ባለቤቲቱም የወሎ ሰው፣ ሙስሊም ናቸው። ሁለቱ በአንድ አግዳሚ ወንበር ይጠቀማሉ፤ ግማሹ ላይ ሾፌሮች ጠላ ይዘው፣ ግማሹ ላይ አንድ የበርታ ሽማግሌ ሻያቸውን ፉት እያሉ ነበር።

«ጌሾው ከየት ይመጣል?» አልኳቸው እትዬን።

«ከወለጋ ደጋ፣ በመኪና። መንገድ ሲዘጋ ጣሳውን አወርደዋለሁ።»