ቡሬ መገንጠያ፦ ውኃውስ ወዴት ይሄዳል?

ቡሬ ከጥንትም የመንገድ መገናኛ ናት። ከጎጃም ዓባይን ተሻግሮ ወለጋ የሚወርደው ሲራራ ነጋዴ በቡሬ በኩል ያልፍ ነበር። በ1933 ዓ.ም. የዊንጌት ጌዴዎን ጦርና አርበኞች ጣሊያንን ከቡሬ አስለቅቀው በፍኖተ ሰላምና በደምበጫ በኩል ወደ ደብረ ማርቆስ የገፉትም በዚሁ መስመር ነው። ዛሬም የአዲስ አበባ–ባሕር ዳር አውራ ጎዳና ከነቀምት መንገድ ጋር የሚገናኘው እዚያው ቡሬ ላይ ነው።

የዱሮው የበቅሎ መንገድ ጠባብ ነበር። አስፋልት ግን ሰፊ ነው፣ ዝናብም አያሰርግም። በየማሳው ተበትኖ ይሰርግ የነበረው ውኃ በቦይ ተሰብስቦ በአንድ ቱቦ አፍ ይለቀቃል። መገንጠያው በሰፋ ቁጥር የሚሰበሰበው ውኃም ይበዛል። መውረጃው ካልተበጀለት፣ ከቱቦው በታች ያለው ማሳ በየክረምቱ እየተሸረሸረ ቦረቦር ይሆናል። አፈሩ አንዴ ከሄደ አይመለስም።

ሕጉ አለ። የአካባቢ ተጽዕኖ ግምገማ አዋጅ ቁጥር 299/1995 የጥናቱ ሪፖርት ለሕዝብ ቀርቦ አስተያየት እንዲሰጥበት ያዛል። ከወጣም ከ20 ዓመት በላይ ሆኖታል።

መንገድ አይሠራ የሚል የለም፤ ቡሬን ቡሬ ያደረጋት መንገድ ነው። ነገር ግን መገንጠያ ሲታደስ «መኪናው ወዴት ይታጠፋል?» ተብሎ እንደሚጠየቀው ሁሉ «ውኃውስ?» ተብሎ ይጠየቅ። መልሱም ቁፋሮው ሳይጀመር፣ ከቱቦው በታች ለሚያርሰው ገበሬ ይነገረው።